የጺቡልስኪን ሥራ ለማወቅ የትኛው ዲስክ ይገዛ? የ«አመድና አልማዝ» ብሉ ሬይ ሲመዘን

የፖላንዱ ተዋናይ ዝቢግኒየቭ ጺቡልስኪ በፊልም የታየው ከ1955 እስከ 1967 ድረስ፣ አሥራ ሁለት ዓመት ብቻ ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ከሱ በኋላ የመጡ የፖላንድ ተዋንያን ግን እስከ ዛሬ ከሱ ጋር ይነጻጸራሉ። ከ1969 ጀምሮ ለወጣት ተዋንያን በስሙ ሽልማት ይሰጣል፤ የመጀመሪያውን የወሰደው ዳንየል ኦልብሪህስኪ ነው። ይህን ሰው ገና ለሚተዋወቅ ተመልካች ቀድሞ መገዛት ያለበት የአሜሪካው ክራይቴሪየን ኩባንያ በ2021 ያወጣው የ«አመድና አልማዝ» ብሉ ሬይ ነው። ሱቅ ውስጥ የሚገኘው «አሽስ ኤንድ ዳይመንድስ» በሚለው የእንግሊዝኛ ርዕሱ ነው። ፊልሙ በ1958 የወጣ፣ ጥቁርና ነጭ፣ 103 ደቂቃ የሚረዝም፣ አንድዤይ ቫይዳ ያዘጋጀው ነው።

ስለ ጺቡልስኪ በተጻፈ ቁጥር «የፖላንድ ጀምስ ዲን» የሚለው ቅጽል አይቀርም። ዲስኩን ከመክፈታችሁ በፊት ይህን ቅጽል ወደ ጎን አድርጉት። አሜሪካዊው የፊልም ተዋናይ ዲን የሞተው በ24 ዓመቱ ነው። ጺቡልስኪ ደግሞ 1927 ተወልዶ «አመድና አልማዝ» ሲወጣ ሠላሳ አንድ ሊሞላው ጥቂት ሳምንታት የቀሩት፣ በክራኮቭ የቲያትር ትምህርት ቤት ሠልጥኖ በ1953 የተመረቀ፣ ከዚያም በባሕር ዳርቻዋ ከተማ በግዳንስክ ለዓመታት መድረክ ላይ የቆየ ባለሙያ ነበር። በስክሪኑ ላይ በደመ ነፍስ የመጣ የሚመስለው ግልፍታና መቁነጥነጥ ተጠንቶ የተሠራ ነው። ይህን ካላወቁ የትወናውን ግማሽ ሳያዩት ያልፋሉ።

ግዳንስክ ውስጥ የሠራው ሥራ ሁለት መልክ ነበረው። አንዱ ቪብዤዤ በተባለው ቲያትር ቤት የሚሠራው መደበኛ ድራማ ነው። ሁለተኛው፣ ለፊልሙ ይበልጥ የጠቀመው፣ በ1954 ከጓደኛው ከቦጉሚዉ ኮቢዬላ ጋር የመሠረተው ቢም-ቦም የተባለው የተማሪዎች ቲያትር ነው። የቢም-ቦም ትርኢቶች ከአጫጭር ትዕይንቶች የተገጣጠሙ፣ ንግግር የሚያንስባቸው፣ ነገሩን በእንቅስቃሴ፣ በዕቃና በሙዚቃ የሚናገሩ ነበሩ። እንዲህ ባለ መድረክ ላይ ዓመታት ያሳለፈ ተዋናይ አንድ ኩባያ፣ አንድ ክብሪት ወይም አንድ ወንበር ሲሰጡት ምን እንደሚያደርግበት ያውቃል። «አመድና አልማዝ»ን ሲያዩ መከታተል ያለባችሁ ይህንኑ ነው።

ታሪኩ የሚፈጸመው ጦርነቱ ባበቃበት በሜይ 1945፣ በአንድ ቀንና ሌሊት ውስጥ ነው። ማቼክ የተባለው ወጣት የኅቡዕ ታጋይ ሽቹካ የተባለውን የኮሚኒስት ፓርቲ ሹም እንዲገድል ታዟል። መጀመሪያ ላይ በስሕተት ሌሎች ሰዎች ይገደላሉ፤ ስለዚህ ማቼክ በአንድ ሆቴል ውስጥ ያድራል፣ እዚያም የቡና ቤቱን ባንኮኒ ከምትይዘው ክሪስቲና ጋር ይተዋወቃል። ፊልሙ የተሠራው ከየዢ አንድዤዬፍስኪ ልብ ወለድ ነው። መጽሐፉ ለሽቹካ ሰፊ ቦታ ይሰጣል፤ ፊልሙን ግን ጺቡልስኪ ወደ ራሱ ስቦታል። ቫይዳ ለዚህ ገጸ ባሕርይ አስቀድሞ ያሰበው ሌላውን ትልቅ ተዋናይ ታዴውሽ ዎምኒትስኪን ነበር፤ ጺቡልስኪ እንዲወሰድ ያሳሰበው የፊልሙ ሁለተኛ ዳይሬክተር ያኑሽ ሞርገንስተርን ነው።

ጺቡልስኪ ለቀረጻ ሲመጣ የ1945 ዓመት ልብስ አልለብስም ብሎ በራሱ ጃኬት፣ በራሱ ጂንስና በራሱ ጥቁር መነጽር ገባ። ቫይዳም ተቀበለው። ለታሪክ ትክክለኛነት ከተጨነቅን ስሕተት ነው፤ በ1958 ሲኒማ ቤት ለገባው ወጣት ግን ማቼክ በዚያው ቀን መንገድ ላይ ያየው ሰው መሰለው፣ የፊልሙ ጉልበትም ከዚህ ይጀምራል። መነጽሩ ደግሞ በታሪኩ ውስጥ ምክንያት ተሰጥቶታል፤ ማቼክ በጀርመን ወረራ ላይ በተነሣው የዋርሶ አመፅ ጊዜ በፍሳሽ ቦዮች ውስጥ ረጅም ጊዜ በመቆየቱ ዐይኑ ተጎድቷል። ለተዋናዩ ይህ ከባድ ፈተና ነው። ዐይኑ ሲሸፈንበት የፊልም ተዋናይ ዋና መሣሪያው ተወሰደ ማለት ነው። ጺቡልስኪ ያንን ጉድለት በአፉ ዙሪያ ባሉት ጡንቻዎች፣ በትከሻውና ከሁሉም በላይ በጣቶቹ ሞላው።

ለዚህ ነው የብሉ ሬዩ ጥራት የቅንጦት ጉዳይ ያልሆነው። እትሙ ከ4ኬ (በጣም ከፍተኛ የምስል ጥራት ካለው) ዲጂታል እድሳት የተወሰደ ነው። የካሜራ ባለሙያው የዢ ቩይቺክ ከፊት ያለውን ሰውና ከኋላ ያለውን ክፍል አንድ ላይ ጥርት አድርጎ ነው የሚያነሣው። በአሮጌ ቅጂዎች የኋላው ክፍል ወደ ግራጫ ጭጋግ ይለወጥ ነበር። እዚህ ግን ጺቡልስኪ በክፍሉ ጥግ ቆሞ ሌላ ሰው በሚናገርበት ጊዜ እጁ ምን እንደሚሠራ በግልጽ ይታያል። መክፈቻውን ውሰዱ፤ ማቼክ ከጸሎት ቤቱ አጠገብ ሣር ላይ ተጋድሞ ሳለ መሣሪያው ላይ ጉንዳን ወጥቶበታል። ሊገድል ነው፣ እጁ ግን ጉንዳን በማራገፍ ተጠምዷል። በደበዘዘ ቅጂ ጉንዳኑ አይታይም፤ ጉንዳኑ ካልታየ ደግሞ የእጁ እንቅስቃሴ ትርጉም የለሽ መወራጨት ይሆናል።

የባንኮኒው ትዕይንት ደግሞ ለዚህ ዲስክ ብቻውን ዋጋ ያወጣል። ማቼክ የመጠጥ ብርጭቆዎችን ደርድሮ አንድ በአንድ በእሳት ይለኩሳቸዋል፤ ጓዱ አንድዤይ (አዳም ፓቭሊኮፍስኪ) በእያንዳንዱ ነበልባል የሞተ ጓደኛ ስም ይጠራል። የብርጭቆዎቹ ሐሳብ የሞርገንስተርን ነው ይባላል። መጀመሪያ ሲያዩ ነበልባሉን ተመልከቱ። ሁለተኛ ጊዜ ሰብታይትሉን አጥፍታችሁ የሁለቱን ሰዎች የአቋም ልዩነት እዩ። ፓቭሊኮፍስኪ አይንቀሳቀስም፤ ጺቡልስኪ አይረጋም። አንዱ ሐዘኑን ተሸክሞ ቆሟል፣ ሌላው እንዳይዘው ይሸሻል። ስሞቹ አልቀው ጺቡልስኪ ሲስቅ ሳቁ ከደረቱ ሳይሆን ከጉሮሮው ነው የሚወጣው። ይህ ልዩነት በእድሳቱ ድምፅ ላይ በደንብ ይሰማል፤ ድምፁ ሳይጨመቅ የተቀመጠ ሞኖ (ባለ አንድ መስመር ድምፅ) ነው።

ከዚያ በኋላ የሚመጡትን ትልልቅ ምስሎች፣ በፈራረሰው ቤተ ክርስቲያን ተገልብጦ የተንጠለጠለውን ስቅለት፣ ሽቹካ ተመትቶ በገዳዩ እቅፍ ሲወድቅ ከኋላ የሚፈነዳውን የድል ርችት፣ ለማድረቅ በተሰጡት ነጭ አንሶላዎች ላይ የሚወጣውን ደም፣ ሁሉም ይጠቅሳቸዋል። ብዙም ልብ የማይባለው ድሬቭኖፍስኪ ነው። የከንቲባው ጸሐፊ የሆነውንና ለሁለቱም ወገን የሚያድረውን ይህን ሰው የሚጫወተው ያው የቢም-ቦሙ ኮቢዬላ ነው። ሁለቱ ጓደኛሞች በአንድ ፍሬም ሲገናኙ ከሌሎቹ ተዋንያን የተለየ ቅልጥፍና ይታይባቸዋል፤ አንዱ ሳይጨርስ ሌላው ያነሣል። መጨረሻ ላይ ማቼክን ወደ ጥፋቱ የሚያስሮጠውም የዚሁ ሰው ጥሪ ነው።

አሁን ወደ አጠቃቀሙ። የምስሉ መጠን 1.66 በ1 ነው። ዛሬ በየቤቱ ባለው 16 በ9 ቴሌቪዥን ላይ በግራና በቀኝ ቀጭን ጥቁር መስመር ይቀራል፤ ባለ 1920 ፒክስል ስክሪን ላይ በየጎኑ 63 ፒክስል ገደማ ነው። ብልሽት አይደለም። በሪሞት «ዙም» ወይም «ፉል» ብላችሁ ከዘረጋችሁት ፊቶቹ ይሰፋሉ፣ ወይም ከላይና ከታች ይቆረጣል፤ ቩይቺክ ደግሞ ጣሪያውን በፍሬም ውስጥ ያስገባ ሰው ስለሆነ ከላይ የሚቆረጠው ዋናውን ነገር ይነካል። ቀጥሎ ቴሌቪዥኑ እንቅስቃሴን የሚያለሰልስበትን አሠራር አጥፉ። በሰከንድ 24 ፍሬም ሆኖ በተነሣ ፊልም መካከል ቴሌቪዥኑ የራሱን ፍሬም ሲጨምር የጺቡልስኪ ድንገተኛ መዞርና መነሣት ይንሸራተታል፤ ይህ ተዋናይ ደግሞ ያለ ድንገተኛነቱ ምንም አይደለም። ብርሃንን በራሱ የሚለዋውጠውንም አጥፉት፤ በሆቴሉ ክፍል የጨለማ ትዕይንቶች ላይ ጥቁሩን ወደ ድፍን ጥላሸት ይለውጠዋል።

ሰብታይትሉ እንግሊዝኛ ብቻ ነው፣ ማጥፋት ይቻላል። የአማርኛ ሰብታይትል የለውም። እንግሊዝኛ በፍጥነት ለማንበብ ለሚቸገር ቤተሰብ አብሮ ለማየት ካሰባችሁ የፓርቲው ግብዣ ላይ ያለው ንግግር ፈጣን ስለሆነ እዚያ ላይ ማቆምና መተርጎም ያስፈልጋል፤ የማቼክና የክሪስቲና ትዕይንቶች ግን ንግግራቸው ጥቂት ነው። በ«ኦዲዮ» ቁልፍ የሚመረጠው ሁለተኛ ድምፅ የፊልም ምሁሯ የአኔት ኢንስዶርፍ ማብራሪያ ነው። ስለ ምስሎቹ አደራደር የምትሰጠው ትንተና ጠንካራ ነው። መጀመሪያ ሲያዩ ግን አትክፈቱት፤ የተዋንያኑን ድምፅ ይሸፍናል። በተጨማሪ ከ2005 የተወሰደ ቃለ ምልልስ አለ፤ ቫይዳና ሞርገንስተርን ራሳቸው ስለ ሥራው ይናገሩበታል። ከዲስኩ ተጨማሪዎች ሁሉ ይህን አስቀድሙ፤ ሁለቱም ዛሬ በሕይወት የሉም።

ብዙ ሰው ገንዘቡን የሚያቃጥለው በዞን ጉዳይ፣ ማለትም ዲስኩ በየትኛው የዓለም ክፍል ማጫወቻ ላይ እንደሚሠራ በሚወስነው ገደብ ነው። ይህ ብሉ ሬይ ዞን ኤ ነው፤ አሜሪካና ካናዳ ላሉ ያለ ችግር ይሠራል። አውሮፓ፣ እስራኤል፣ የባሕረ ሰላጤው አገሮችና ኢትዮጵያ ያሉት በዞን ቢ ውስጥ ነው። የዞን ቢ ማጫወቻ ውስጥ ሲገባ ዲስኩ ይሽከረከራል፣ ስክሪኑ ላይ የዞን ማስጠንቀቂያ ይወጣል፣ በቃ። ዲስኩ ተበላሽቷል ብላችሁ አትመልሱት፤ ማጫወቻው ነው የከለከለው። መፍትሔው ሁሉንም ዞን የሚያነብ ማጫወቻ ነው። ስትገዙ አንድ ነገር አጣሩ፦ «ለሁሉም ዞን» ተብለው የሚሸጡ ብዙ ማጫወቻዎች ነፃ የሆኑት ለዲቪዲ ብቻ ነው፤ የብሉ ሬይ ዞን የተለየ ቁልፍ ስላለው ሻጩ ለሁለቱም መሆኑን በግልጽ ይናገር። በአሜሪካ የሽፋን ዋጋው 39.95 ዶላር ነው። ባርንስ ኤንድ ኖብል መጻሕፍት ቤት የክራይቴሪየንን ዲስኮች በጁላይና በኖቬምበር በግማሽ ዋጋ ሲሸጥ ስለኖረ ካልቸኮላችሁ እስከዚያ ጠብቁ። የክራይቴሪየን የኢንተርኔት ማሰራጫ ከአሜሪካና ከካናዳ ውጭ አይሠራም።

ዲቪዲ ብቻ ላለው ሰው ሌላ አማራጭ አለ፤ ይኸው ኩባንያ በ2005 ያወጣው የቫይዳ ሦስት የጦርነት ፊልሞች ሣጥን ነው። ሦስት ዲስክ ይዟል፦ «ትውልድ» (1955)፣ «ካናል» (1957)ና «አመድና አልማዝ»። የምስሉ ጥራት ከብሉ ሬዩ በእጅጉ ያንሳል፤ የኢንስዶርፍ ማብራሪያና የ2005ቱ ቃለ ምልልስ ግን እዚህም አሉ። የጺቡልስኪን ጉዞ ለመረዳት ከሆነ ሣጥኑ ብሉ ሬዩ የማይሰጠውን ይሰጣል። «ትውልድ» የመጀመሪያው የፊልም ሥራው ነው፤ መሪው ዎምኒትስኪ ነው፣ ወጣቱ ሮማን ፖላንስኪም አለበት፣ ጺቡልስኪ ኮስትካ የተባለ ትንሽ ገጸ ባሕርይ ይዞ ጥግ ላይ ይታያል። ፈልጋችሁ ካላያችሁት ያመልጣችኋል። በሦስት ዓመት ውስጥ ከዚያ ጥግ ወደ ፍሬሙ መሐል የመጣበትን ርቀት ለመለካት ከዚህ የተሻለ መንገድ የለም። «ካናል» ውስጥ ጨርሶ የለም፤ ብዙ ሰዎች ለዚህ ሲሉ ይዘሉታል። አትዝለሉት። ፊልሙ የ1944ቱ የዋርሶ አመፅ የመጨረሻ ቀናት ታጋዮች በፍሳሽ ቦዮች ውስጥ ሲያልቁ የሚያሳይ ነው፣ በ1957 በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ልዩ የዳኞች ሽልማት ተጋርቷል። ማቼክ ስለ መነጽሩ በቀልድ መልክ ጣል የሚያደርጋት አንዲት ዐረፍተ ነገር ክብደቷ የሚገባው «ካናል»ን ላየ ሰው ነው። ሣጥኑን ያገለገለ ስትገዙ ሦስቱም ዲስኮች መኖራቸውን አረጋግጡ፤ ለየብቻ ማሸጊያ ስላላቸው አንዱ ተነጥሎ ሊሸጥ ይችላል። ዲቪዲው ዞን 1 (የአሜሪካና የካናዳ የዲቪዲ ዞን) ነው።

ከአውሮፓ የምትገዙ ከሆነ የድሮ ፓል (የአውሮፓ ቴሌቪዥን ሥርዓት) ዲቪዲዎች ላይ ተጠንቀቁ። በእነሱ ላይ ፊልሙ በሰከንድ 25 ፍሬም ሆኖ ስለሚሮጥ 103 ደቂቃው ወደ 99 ይወርዳል፣ ድምፁም በትንሹ ይቀጥናል። የተቆረጠ ትዕይንት የለም፣ ግን የጺቡልስኪ ፈጣን አነጋገር ይበልጥ ተቻኩሎ ይሰማል።

ቀጥሎ ምን ይታይ? ማቼክን የወደደ ሰው ሌላ ማቼክ ፍለጋ ከሄደ ቅር ይለዋል፤ ጺቡልስኪ ራሱ ከዚያ ምስል ለመውጣት ብዙ ታግሏል። በየዢ ካቫሌሮቪች የ1959ኙ «ባቡር» ውስጥ ፍቅረኛው ትታው የምትሄድበት፣ ተከትሏት ባቡሩ ላይ የሚንከራተት ወጣት ነው፤ ሚናው አነስተኛ ነው፣ ፊልሙን ግን የሚያናውጠው እሱ ነው። በሚቀጥለው ዓመት ከሞርገንስተርን ጋር የሠራው «ደህና ሁኚ፣ እስከ ነገ» ከስክሪፕቱ ጸሐፊዎች አንዱ ራሱ የሆነበት፣ ግዳንስክንና የተማሪ ቲያትሩን መንፈስ የያዘ ነው። የመድረክ ሥራውን ሽታ በፊልም ለማግኘት የሚቀርበው ይህ ነው።

የሱን ከፍታ የያዘው ግን፣ በኛ ሚዛን፣ የቮይቼክ ሃስ «እንዴት መወደድ ይቻላል» (1963) ነው። ዋናዋ ባርባራ ክራፍቱቭና ናት፤ በጀርመን ወረራ ጊዜ የምትወደውን ተዋናይ ቤቷ የምትደብቅ ሴት። ጺቡልስኪ ያንን የተደበቀውን ሰው ይጫወታል፦ ሙገሳ የሚርበው፣ ደካማ፣ የተደረገለትን የማያይ ሰው። ጀግና ተብሎ የተጨበጨበለት ተዋናይ የጀግናን ባዶነት ለመጫወት መድፈሩ ቀላል አይደለም። አንድም ጊዜ ተመልካቹን እዘኑልኝ አይልም።

ከሃስ ጋር የሠራው «የሳራጎሳው የእጅ ጽሑፍ» (1965) ደግሞ ሌላ ዓለም ነው፤ ታሪክ በታሪክ ውስጥ እየተቀፈቀፈ የሚሄድ፣ ጺቡልስኪም አልፎንስ ቫን ዎርደን የተባለ መኮንን ሆኖ የሚባክንበት። እዚህ ላይ የዲስኩን ጀርባ ሳታነቡ አትክፈሉ። ሙሉው 182 ደቂቃ ነው። በፓል ዲቪዲ 175 ቢል ያው ሙሉው ነው። ከዚያ በታች የሆነ ቅጂ ተቆርጧል፤ ፊልሙ ከፖላንድ ውጭ ለረጅም ጊዜ የታየው ተቆራርጦ ስለነበረ አሮጌ እትሞች እስካሁን አሉ። በታሪኮች መተሳሰር ላይ የተሠራ ፊልም ሲቆረጥ የማይገባ ይሆናል፣ ጥፋቱም በፊልሙ ላይ ይላከካል።

በዚያው ዓመት የወጣውን የታዴውሽ ኮንቪትስኪን «ሳልቶ» ከነዚህ በኋላ አስቀምጡት። ጺቡልስኪ ከሚሄድ ባቡር ዘሎ ይወርድና አንዲት መንደር ውስጥ ስሙንም ታሪኩንም እየለዋወጠ ይኖራል። ጺቡልስኪ ራሱ በጃንዋሪ 8 ቀን 1967 ቭሮትስዋፍ ጣቢያ ላይ መንቀሳቀስ የጀመረ ባቡር ላይ ሊሳፈር ዘሎ ከሥሩ ወድቆ ስለሞተ ይህን ፊልም እንደ ትንቢት የሚያዩት ብዙ ናቸው። እንዲያ ማየት ለተዋናዩ ሥራ ፍትሐዊ አይደለም። ሞቱ አደጋ ነበር፤ ዕድሜው 39። «ሳልቶ» ውስጥ ያለው ሥራ በራሱ ይመዘን፤ ራሱን ጀግና አድርጎ የሚያወራ ሰውን እስከ መጨረሻው ሳይገልጠው የሚጫወትበት መንገድ፣ በተለይም የመጨረሻው ዳንስ ላይ፣ የቢም-ቦም ልጅ መሆኑን ያስታውሳል። ቫይዳ በ1969 ስለዚህ ሞት የሠራውን «ሁሉም ለሽያጭ» ደግሞ ሌሎቹን ሳያዩ አትጀምሩ፤ ጺቡልስኪ በአካል የለበትም፣ የሌለውን ሰው የማያውቅ ተመልካች ፊልሙ ምን እንደጎደለው አይታየውም።

በብሉ ሬዩ ላይ አንድ ከባድ ቅሬታ አለን። ስለ ፊልሙና ስለ ቫይዳ ብዙ ተብሎበታል፤ ስለ ተዋናዩ የመድረክ ሥራ ግን ራሱን የቻለ አንድም ክፍል የለበትም። ቫይዳ ራሱ ለመጀመሪያ ጊዜ ቲያትር ያዘጋጀው በ1959፣ በዚያው በግዳንስኩ ቲያትር ቤት ነው፤ የአሜሪካዊው የማይክል ጋዞ «ዝናብ የሞላው ባርኔጣ»፣ ዋናው ተዋናይም ጺቡልስኪ፣ ከጦርነት ተመልሶ የአደንዛዥ ዕፅ ሱሰኛ የሆነ ወታደር ሆኖ። በሚቀጥለው ዓመት ዋርሶ አቴኔኡም ቲያትር ውስጥ ሁለቱ እንደገና ሠርተዋል። «አመድና አልማዝ»ን የሠሩት ሁለት ሰዎች ወዲያው ወደ መድረክ ሄደው ምን እንዳደረጉ የሚናገር፣ ፎቶግራፎችንና የቢም-ቦምን ትርኢቶች መግለጫ የያዘ ሃያ ደቂቃ ቢጨመርበት ይህ ዲስክ የአንድ ፊልም እትም ከመሆን አልፎ የአንድ ተዋናይ መግቢያ በሆነ ነበር። እስከዚያው ድረስ ፖላንድኛ ለማያነብ ሰው የመድረኩ ግማሽ የሚገኘው በፊልሞቹ ውስጥ በእጆቹ ላይ ብቻ ነው፤ ለዚያ ደግሞ ዲቪዲው አይበቃም፣ ብሉ ሬዩን ግዙ።